ተራዬ የደረሰ ዕለት

ዓመቱን በትክክል አላስታውሰውም። ሰሊጡ ታጭዶ፣ ታስሮ እንደቆመ ያልታሰበ ዝናብ ወርዶበት የጠቆረበት ዓመት መሆኑን ብቻ አውቃለሁ። ከእኩዮቼ ጋር ስናወጋ አንዱ «እሱማ የጓንግ ወንዝ ሞልቶ ትራክተር የወሰደበት ዓመት ነው» ይላል፤ ሌላው «የለም፣ ከዚያ በኋላ ነው» ይላል፤ ሳንስማማ እንለያያለን። እኔ አልከራከርም። ዓመቱ ይጥፋብኝ እንጂ ነገሩ አልጠፋብኝም።

ሰሞኑን የቀሰቀሰችብኝ ትዕግስት ናት። ትዕግስት ግቢዬ ውስጥ አንዲቱን ክፍል ተከራይታ የምትኖር ነርስ ናት፤ አገሯ ወሎ ነው። ሰኔ ገብቶ ሰማዩ ጠቁሮ ይውላል፣ ዝናቡ ግን አይወርድም፤ የመተማን ሙቀት የሚያውቅ ሰው በዚህ ሰሞን ምን እንደሚመስል ይገባዋል። እኔ ከበርሜሉ አጠገብ ጥላ ሥር ተቀምጬ ካርካዴ እጠጣለሁ። ድሮ ከድንበሩ ማዶ በጆንያ ይገባ ነበር፤ እዚያ ጦርነቱ ከተነሳ ወዲህ ሲገኝ ብቻ ነው የምንጠጣው። ልጅቱ ከሥራ ገባችና ነጭ ጋዎኗን እንኳ ሳታወልቅ አግዳሚው ላይ ተቀመጠች።

«ምነው ዓይኔ፣ አሞሻል እንዴ?» አልኳት።

«አላመመኝም አባባ። ግምገማ ነበረን።»

«ታዲያ ግምገማ ሰው ይገድላል?»

ፈገግ እንኳ አላለችም። «ማዋለጃ ክፍሉን ዓመቱን ሙሉ የያዝኩት እኔ ነኝ። አሁን የደረጃ ዕድገት ሊወጣ ሲል ከፍተኛውን ውጤት ለሌላ ሰው ሰጡት። ለምን ብዬ ብጠይቅ ኃላፊው ምን ቢለኝ ጥሩ ነው? ‹አንቺ ገና ልጅ ነሽ፣ ትደርሽበታለሽ፤ ዘንድሮ የእሱ ተራ ነው› አለኝ።»

ካርካዴውን አስቀመጥኩት። ተራ የሚለውን ቃል በእንዲህ ያለ ነገር ላይ ከሰማሁ ስንት ዘመኔ ነው። እንዳጽናናት አንድ ነገር መናገር ነበረብኝ፤ አፌ ላይ የመጣው ግን የራሴ ታሪክ ነበር።

ወደዚህ ቆላ የወረድኩት ከበለሳ ለሰሊጥ አረም ነው። አረሙ ሲያልቅ እመለሳለሁ ብዬ ነበር፤ አጨዳውን አይቼ ልሂድ አልኩ፤ ከዚያ ሚስቴን ጥሩነሽን አገኘሁ፣ በዚያው ቀረሁ። ትምህርቴ ከአራተኛ ክፍል አላለፈም፤ ማንበብና መጻፍ ስለምችል ግን ወባ መከላከያ ረጪ አድርገው ቀጠሩኝ። በጉልበት ሥራ ለኖረ ሰው የመንግሥት ሠራተኛ መባል ትልቅ ነገር ነው። እናቴ ወሬውን በሰው ሰምታ እልል አለች አሉኝ።

ሥራችን ቤት መርጨት ነበር። የወባ ትንኝ መግደያውን ዱቄት በባልዲ ውሃ በጥብጠን ፓምፑ ውስጥ እንጨምራለን፤ በእጅ እየገፋን አየር እንሞላውና በትከሻችን አንግተን፣ አፋችንን በጨርቅ አስረን፣ ቤት ለቤት እንዞራለን። ባለቤቶቹ ዕቃቸውን ሁሉ ያወጣሉ። የሰው ኑሮ እንዲህ ደጅ ላይ ተከምሮ ሲታይ ያሳዝናል፤ አንድ አልጋ፣ ሁለት ድስት፣ የማሽላ ጆንያ፣ በቃ። ሴቶቹ «አምና ድመቴን ገድላችሁብኛል» እያሉ ይሰድቡናል። ገና ከመውጣታችን ደግሞ ሽታውን ጠልተው ግድግዳውን በጭቃ ይመርጉታል፤ የረጨነው ሁሉ ከጭቃው ሥር ይቀራል። የእርሻ ካምፕ ከደረስን ከጉልበት ሠራተኞቹ ጋር የማሽላ ገንፎ በዌካ እንበላለን። ዌካ ከደረቀ ባሚያ የሚሠራ ወጥ ነው፤ ከሣህኑ እስከ አፍ እንደ ክር ይሳባል። ደገኛ መጀመሪያ ይጸየፈዋል፣ ኋላ ያለ እሱ አይጠግብም። እኔም እንደዚያው ሆንኩ።

በቡድናችን አምስት ነበርን። ትልቃችን አያ ወርቁ ነበር፤ ዱቄቱ ደረቱ ውስጥ ገብቶ ሁልጊዜ የሚያስለው፣ ድምፁን ከፍ አድርጎ ሲናገር ሰምቼው የማላውቅ ሰው። ሲሳይ የሚባል ቀልደኛም ነበረን፤ የቀሩት ሁለቱ ዝምተኞች ናቸው።

በየጊዜው የሥራ አፈጻጸም ውጤት ይሞላልናል። ለአንድ ሰው «በጣም ጥሩ» ይሰጣል፣ ለሌሎቻችን «አጥጋቢ»። እኔ ከመቀጠሬ በፊት የነበረው የቡድን መሪ «በጣም ጥሩ»ውን ሁልጊዜ ለአገሩ ልጅ ይሰጥ ነበር አሉ። በዚህ የተነሳ ሠራተኛው ተጣላ፤ አንዱ የሌላውን ዱቄት እስከ መድፋት ደረሰ። በኋላ የመጣው መሪ ሰው ማስቀየም የማይወድ ነበርና «እናንተው ተስማምታችሁ ንገሩኝ፣ እሞላለሁ» አለ። ያን ጊዜ ነው አያ ወርቁ «ለምን እንደ እቁብ አናዞረውም?» ያለው።

እንደ እቁብ ዞረ። መሙያው ሲደርስ ከመጋዘኑ ጀርባ ካለችው የቁርቁራ ዛፍ ሥር እንቀመጣለን፤ ተራው የማን እንደሆነ እንነጋገራለን፤ ባለተራው ያፍራል፣ ሌሎቻችን እንመርቀዋለን። እውነቱን ለመናገር ደስ ይል ነበር። አለቃን ደጅ መጥናት ቀረ፣ አንዱ በሌላው ላይ ማሳበቅ ቀረ። አብሮት የቀረ ሌላ ነገር እንደነበር ግን ያኔ አልታየንም። የማን ግድግዳ በደንብ እንደተረጨ፣ ማን ዱቄቱን እንዳቀጠነ መነጋገር ተውን። ለምን እንነጋገራለን? ውጤቱ ባለቤቱን ያውቃል።

እንዲህ እያለ መሪያችን ወደ ሌላ ቦታ ተዛወረና የቡድን መሪነቱ ክፍት ሆነ። በውጤት ከእኛው ከመካከላችን አንዱ ይሾማል ተባለ። በዚያ ሰሞን ደግሞ ተራው የእኔ ነበር።

ሹመቱን ለስሙ አልፈለግሁትም። መሪው የሚውለው ከተማ ነው፤ ወደ ገጠር ደርሶ መልስ ይወጣል እንጂ እንደ እኛ ክረምቱን ሙሉ ጫካ አይሰነብትም። ከጤና ጣቢያው አጥር ጋር የተያያዘች አንዲት ባለ ቆርቆሮ ክፍልም ትሰጠዋለች። ያለፈው ክረምት እኔ የሰው ቤት ስረጭ ጥሩነሽን ወባ ይዟት የያዘችው ፅንስ ወርዷል። የደረስኩት ከተቀበረ በኋላ ነው። የወባ ሠራተኛ ሚስት በወባ ልጇን አጣች፤ በሁሉ የሚቀልደው ሲሳይ እንኳ በዚህ አልቀለደም። አሁን እንደገና አርግዛለች። የምንኖረው ከከተማው ጫፍ፣ ሣር ክዳን ጎጆ ተከራይተን ነው፤ በዝናብ ጊዜ ከዚያ ጤና ጣቢያ መድረስ ለደህና ሰውም ይከብዳል።

ቦታው መከፈቱን በሰማች ማግስት ጥሩነሽ መጥረጊያዋን ይዛ ሄደች። ባለ ቆርቆሮዋ ክፍል ተቆልፋለች፤ ደጇን ጠርጋ ተመለሰች።

«አልጋውን በመስኮቱ በኩል አናደርገውም፣ ፀሐይ ይገባል» አለችኝ ደስ ብሏት።

«ገና አልሾሙኝም እኮ።»

«ተራህ አይደለም እንዴ?»

ተራዬ ነበር። ያሳዘነኝ አያ ወርቁ ነው። እሱ ተራውን የወሰደው ምንም ቦታ ባልተከፈተበት ጊዜ ነው፤ እጁ ከመጨበጡ በቀር ያገኘው የለም። ሲሳይ ቁርቁራዋ ሥር ቀለደበት፦ «አያ ወርቁ፣ የአንቱ እቁብ ባዶ ወጣ። ፓምፑ ከነሳሉ ይቅርልዎት ብለን እንደገና እናውጣልዎ ይሆን?»

«ተወኝ ሲሳይ» አለ አያ ወርቁ። «እኔ ወስጃለሁ። አንድ ሰው ሁለት ጊዜ አይወስድም።» ወደ እኔ ዞር ብሎ «ብቻ አለቃ ስትሆን ቆላውን መንገድ ለኔ አታብዛብኝ» አለኝ። እኔም አላበዛብዎትም አልኩት።

በቀጠሮው ቀን የሚገመግመን አስተባባሪ ከጎንደር መጣ። መጋዘኑ ጥላ ውስጥ የዱቄት ካርቶን ላይ ተቀመጥን። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ዛሬም ክፉ ነበር አልልም። ላቡን በመሐረብ እየጠረገ «እኔ ሥራችሁን አላየሁም፤ እርስ በርስ የምትተዋወቁት እናንተ ናችሁ። በጣም ጥሩ የሚገባው ማን ነው?» ብሎ ጠየቀ።

የአራቱም እጅ አንድ ላይ ወጣ። «ይርጋ» አሉ ወደ እኔ እያመለከቱ።

«ሁላችሁም?»

«ሁላችንም።»

ደስ አለው መሰለኝ። «መልካም። ለምን?»

እርግቦች ቆርቆሮው ላይ ሲራመዱ ጥፍራቸው ይሰማል።

«ምን ሠርቶ ነው? ከእናንተ በምን ተለየ?»

«ጥሩ ልጅ ነው» አለ ሲሳይ።

«ጥሩ ልጅማ ሁላችሁም ትመስላላችሁ።»

አያ ወርቁ ባርኔጣውን አውልቆ ተነሳ። የሚናገረው ነገር የሚያስመሰግነን መስሎት ነበር፤ ፊቱ ላይ ይነበባል። «ጌታዬ፣ እኛ ዘንድ ተንኮል የለም» አለ። «ዘንድሮ ተራው የእሱ ነው። አምና የሲሳይ ነበር፤ ከዚያ በፊት የእኔ። ማንም ማንን ረግጦ አያልፍም።»

«ተራ?» አስተባባሪው እስክሪብቶውን አስቀመጠ። «አባቴ፣ ይሄ ወፍጮ ቤት ነው?»

«አይደለም ጌታዬ» አለ አያ ወርቁ ከልቡ፤ «ወፍጮ ቤትማ የሚያውቁትን ያስቀድማሉ።»

ሰውየው ሳቁ መጥቶበት ዋጠው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «አንተ ራስህ ንገረኝ ይርጋ። ለምን ይገባኛል ትላለህ?»

ብዙ ጊዜ አስቤበታለሁ፣ ምን ማለት እንደነበረብኝ። ሥራዬን እሠራ ነበር። ፓምፑ የበላው ትከሻዬ ቁስሉ አይደርቅም ነበር። ግን ስለ ሥራዬ ጠይቆኝ የሚያውቅ ሰው ስላልነበረ፣ እኔም ራሴን ጠይቄ ስለማላውቅ፣ ከአፌ የወጣው «ሚስቴ ነፍሰ ጡር ናት ጌታዬ» የሚል ብቻ ሆነ።

«በሰላም ያገላግላት» አለ ቀስ ብሎ። «እኔ የጠየቅሁህ ግን ስለ ሥራህ ነው።»

ለሁላችንም «አጥጋቢ» ተሞላ፤ ቦታው በዝውውር ሰው ይሸፈን ተባለ። ስንወጣ አያ ወርቁ ክንዴን ይዞ «እኔ ነኝ ያበላሸሁብህ?» አለኝ። እርስዎ አይደሉም አልኩት። እውነቴን ነው፤ የተጠየቀውን ነው የመለሰው።

ለጥሩነሽ ስነግራት ሽሮ እያማሰለች ነበር።

«ተራህ አልነበረም?»

«ነበር።»

«ታዲያ?»

«ተራ አይሠራም አሉ።»

ማማሰሏን አላቆመችም። ሽሮው ሲበስል አቀረበችልኝ፣ እሷ ግን አልበላችም። ያቺን ቤት ዳግመኛ አላነሳችብኝም።

ክረምቱ ሲገባ አዲሱ መሪ አንድ የቆርቆሮ ሳጥን ይዞ መጣ። ጠይም፣ ቀጭን፣ ሚስት የሌለው ሰው ነበር። ስሙን ነግሮናል፤ እኔ ግን አልጠራሁትም። ሲያዘኝ «እሺ» እላለሁ፣ ከሰው ጋር ሳወራ «ሰውየው» እላለሁ። አያ ወርቁ አንድ ቀን «አንተ ልጅ፣ ስም አለው እኮ» ቢለኝ «ይኑረው» አልኩት። መሪውም ነገሩን ሰምቶ ኖሯል መሰለኝ አያስጨንቀኝም ነበር።

እኛን ከኮኪት አልፈን ወደ ጓንግ ዳር ወዳሉት መንደሮች ላከን። ዋልካው አፈር ርሶ ጫማ ይዞ አይለቅም፤ ትራክተር ካልሆነ የሚያልፍ የለም። ስወጣ ጥሩነሽ በር ላይ ቆማ ነጠላዋን ሆዷ ላይ ሰብስባ ታየኛለች። «ሂድ እንጂ፣ ይዘንብብሃል» አለችኝ። ዳመናው ርቆ ነበር፣ ዝናብ አልነበረም።

ሰሊጡ ነጭ አበባውን ባወጣበት ሰሞን፣ አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ፣ አንዲት መንደር ስንረጭ የትራክተር ድምፅ ሰማን። ሰውየው ከተሳቢው ላይ ወረደ፤ እስከ ጉልበቱ ጭቃ ሆኗል። ሥራችንን ሊያይ የመጣ መስሎኝ ፊቴን አዞርኩ።

«ይርጋ፣ ፓምፑን አውርድ።»

«ሦስት ቤት ይቀረኛል።»

«እኔ እጨርሰዋለሁ። ጥሩነሽ ታማለች። ጎረቤት ነግሮኝ ጤና ጣቢያ አስገብተናታል፣ መርፌ ተወግታለች። አሁን ቤት ተኝታለች።»

«ብቻዋን?»

«እኔ ቤት ናት። ጎረቤቴ ሴትዮ አብራት አለች። ትራክተሩ እየጠበቀህ ነው።»

ቆሜ ቀረሁ። ማንገቻውን ከትከሻዬ ላይ እሱ ራሱ አወረደው፤ የእኔን ጨርቅ ተቀብሎ አፉ ላይ አሰረ፤ በዚያ በንጹህ ሸሚዙ ጎንበስ ብሎ ጎጆው ውስጥ ገባ። ወዲያው የመርጫው ድምፅ ተሰማ። አያ ወርቁ ከኋላዬ ገፋ አድርጎኝ «ሂድ እንጂ፣ ምን ትገተራለህ» አለ።

የዚያን መንገድ ርዝመት ለሰው ማስረዳት አልችልም። በግራም በቀኝም አበባ ነው፤ ንቡ ያጉረመርማል። ሾፌሩ እየዞረ ያየኝና ወደ ፊቱ ይመለሳል።

ባለ ቆርቆሮዋ ክፍል ጋ ስደርስ መጀመሪያ ያየሁት ሳጥኑን ነው፤ የሰውየው የቆርቆሮ ሳጥን በረንዳ ላይ ወጥቶ፣ አጠገቡ የጠፍር አልጋ ተዘርግቷል። ጥሩነሽ ውስጥ ተኝታለች። አልጋው በመስኮቱ በኩል አልነበረም። ሆዷን ላለማየት ዓይኔን ፊቷ ላይ አደረግሁ፤ እሷ ግን ገብቷታል።

«ይሄኛውም አልቆየም» አለችኝ።

እጇን ይዤ ተቀመጥኩ። «የገዛ ቤቱን አንኳኩቶ ነው የሚገባው» አለች። «‹እህቴ፣ ሾርባውን ጠጣሽ?› ይለኛል ደጅ ሆኖ።»

ሰውነቷ እስኪጠና ክረምቱን እዚያው ከረመች። እኔንም ከተማ እንድውል ሌላ ሥራ ሰጠኝ፤ እሱ በእኔ ቦታ ጫካ ወጣ። ሲመለስ በረንዳው ላይ ያድራል። በኋላ እሱንም ወባ ያዘው፤ ሲንቀጠቀጥ ጠፍሩ ይንቋቋ ነበር። ግባ ብንለው «ደህና ነኝ» ይላል።

የውጤት መሙያው ሲደርስ ቁርቁራዋ ሥር አልተሰበሰብንም። አንድ በአንድ ጠርቶ አነጋገረን። እኔን «ግድግዳው ላይ እጅህ የተስተካከለ ነው፤ አይዘልም፣ አይደራርብም» አለኝ። «ጣሪያው ሥር ስትደርስ ግን ትቸኩላለህ። የጀመርካቸውን ቤቶች ስጨርስ አይቼዋለሁ።» ከዚያ «ጥሩ» ብሎ ሞላልኝ። «በጣም ጥሩ» አይደለም፣ «ጥሩ»። ልከራከር አሰብኩና ጣሪያዎቹ ትዝ አሉኝ። እውነቱን ነበር። ስለ እጄ ሰው ሲናገር የሰማሁት ያን ቀን ነው።

ከዚያ ወዲያ የተሻለ ነገር መጣ ብዬ ብነግራችሁ ደስ ባለኝ። አልመጣም። እሱን ብዙም ሳይቆይ አዛወሩት፤ የት እንደደረሰ አላወቅሁም። በእሱ ቦታ የመጣው ውጤቱን ለወዳጆቹ መስጠት ጀመረ። አያ ወርቁ ሳሉ ሳይለቀው፣ ረጪ እንደሆነ ሞተ። እኔም መሪ ሳልሆን ወደ ጥበቃ ተዛውሬ ጡረታ ወጣሁ። ለእኔና ለጥሩነሽ ሌላ ልጅ አልተሰጠንም፤ እሷም ካረፈች ቆየች። ይህን ግቢ ሰፋ አድርገን የሠራነው ለልጆች ብለን ነበር።

ትዕግስት ጋዎኗን አውልቃ ጭኗ ላይ አጣጥፋዋለች።

«ታዲያ የቱ ይሻላል አባባ? ተራው ነው ወይስ…?»

«እኔ እንጃ ልጄ» አልኳት። «ተራው ሰላም ሰጥቶን ነበር። ግን ያን ቀን ‹ለምን?› ሲሉን ለአንድ ሰው የሚሆን ቃል ከአምስታችን ጠፋ።» ቀጥዬም «ከገመገሙሽ ውስጥ ማዋለጃ ክፍሉ ገብቶ ሥራሽን ያየ አለ?» አልኳት።

አሰበች። «የለም» አለች።

ሁለታችንም ወደ ሰማዩ አየን። ነጎድጓዱ ከማዶ በኩል ይሰማል፤ ወደኛ አልደረሰም።

«የዚያ ሰውዬ ስሙ ማን ነበር?» አለችኝ።

ጥሩነሽ በሕይወት ሳለች ከእሱ የተነሳ አንድም ቀን በሩን ሳላንኳኳ እንዳልገባሁባት ልነግራት ፈለግሁ፤ ያ ግን ሌላ ወሬ ነው። የጠየቀችኝ ስሙን ነው። ያን ክረምት አፌን ሞልቼ አልጠራሁትም፤ ከዚያ በኋላም የምጠራበት ቦታ አላገኘሁም።

«ዘውዱ» አልኳት። «ዘውዱ ነበር የሚባለው።»